በሩን የዘጋው እጅ

ሬሳው የተገኘው ማኮብኮቢያው ባለቀበት ጫፍ ነው።

ተንበርክኮ ነው የሞተው። ጉልበቱ ከአስፋልቱ ሳይነሣ ወደ ጎኑ ተደፍቷል። ቆቡን ግን አንድ ሰው አንሥቶ፣ አቧራውን አራግፎ፣ ደረቱ ላይ አስቀምጦለታል። አጠገቡ የዛገ ምሰሶ ቆሟል። ድሮ የነፋሱን አቅጣጫ የሚያሳይ ጨርቅ ይንጠለጠልበት ነበር። ጨርቁ ከጠፋ ዓመታት አልፈዋል።

ሟቹ የመንገደኞች አውሮፕላን ካፒቴን ነው። ጡረታ ሊወጣ ጥቂት ቀርቶት ነበር።

አውሮፕላኑ ያረፈበት ሜዳ ከጦርነቱ ወዲህ የተተወ ነው። በስንጥቁ ሣር በቅሏል። አውሮፕላኑን የጠለፈው ሰው ሽጉጥ ደቅኖ እዚህ አሳረፈው። ገንዘብ አልጠየቀም። እስረኛ ይፈታልኝ አላለም። ለዓለም የሚያስተላልፈው መልእክትም አልነበረውም። ካፒቴኑን ብቻ ይዞ ወረደ። ምሰሶው ሥር አደረሰው። አንድ ጥይት ተኮሰ። ተመልሶ አውሮፕላኑ ደረጃ ላይ ተቀመጠ። ወታደሮች ሲደርሱ ሽጉጡን ወደ እነሱ አዞረ። የፈለገው ይህንን ይመስል ነበር፤ አገኘውም።

ገዳዩ ይታወቃል። ሞቷል። መዝገቡ እዚያው ሊዘጋ ይችል ነበር።

መርማሪው ግን "ቆይ" አለ።

"ቆይ" ማለት ልማዱ ነው። ባልደረቦቹ ስሙን ትተው "ቆይ" ብለው ይጠሩታል። ሚስቱ ስትናደድ፣ "በሠርጋችን ዕለት እንኳ 'እሺ' ከማለትህ በፊት 'ቆይ' ብለሃል" ትለዋለች።

"የአብራሪዎቹ ክፍል ከውስጥ ይቀረቀራል፤" አለ ለአለቃው። "በሩ አልተሰበረም። ከውስጥ ነው የተከፈተው። ለዚያ ሰው ማን ከፈተለት?"

*

የካፒቴኑ ቤት ሳሎን በወንበር ተጣቧል። ሚስቱ ጥግ ይዛ ተቀምጣለች። አላለቀሰችም። የሚያለቅስላት ሞልቷል። እሷ የውጭውን በር ነው የምታዳምጠው።

ባሏ ቁልፍ በኪሱ እያለ በቁልፍ ገብቶ አያውቅም። በሩን በጥፍሩ ጫር ያደርግና አንዴ ብቻ ያንኳኳል። ከተጋቡ ጀምሮ እንዲሁ ነው። አሁን በሩ በተንኳኳ ቁጥር ቀና ትላለች። የሚመጣው ሁሉ እንደ ሰው ነው የሚያንኳኳው።

መርማሪው ወንበር ስቦ ፊት ለፊቷ ተቀመጠ።

"ሸሚዙን መልሱልኝ፤" አለችው ሰላምታውን ሳትቀበል።

"ማስረጃ ነው፣ እመቤት። ምርመራው ሲያልቅ…"

"ሲያልቅ ሳታጥቡ ስጡኝ።"

"ምን ያደርግልዎታል? ማስታወሻ ከሆነ…"

"ለማስታወሻ አይደለም። እንዳይበርደኝ ነው።"

ከኋላዋ የሟች ታናሽ ወንድም ቆሟል። የከባድ መኪና ሹፌር ነው። እጆቹ የወንበሯን መደገፊያ እንደ መሪ ጨብጠዋል። "ወንድሜ ደመ ከልብ ሆኖ አይቀርም፤" አለ። "እታለም፣ አንቺ ብቻ እሺ በይኝ። ያቺን ልጅ ያሳዩኝ።"

"የቷን ልጅ?" አለ መርማሪው።

"እናንተ ያሰራችኋትን ነዋ! ከገዳዩ ጋር ስትሳሳቅ የነበረችውን!"

"ተቀመጥ፤" አለችው ምራቱ። ተቀመጠ። ከዚያ ወደ መርማሪው ዞረች። "እኔም በወጣትነቴ የበረራ አስተናጋጅ ነበርኩ። ያ በር በጉልበት አይከፈትም። በምን ተከፈተ?"

"በማንኳኪያ ምልክት። እርስዎ ያውቁታል። ካፒቴኑ ከበረራ በፊት ሠራተኞቹን ሰብስቦ የዕለቱን ምልክት ይነግራቸዋል። በዚያ ምልክት ያላንኳኳ አይከፈትለትም። ያን ጠዋት የነገራቸው ሁለት ፈጠን ያለ፣ አንድ ዘግየት ያለ ምት ነው። የሰሙት ሦስት ናቸው። ረዳት አብራሪው፣ ዋና አስተናጋጇ፣ አዲሷ አስተናጋጅ።"

"ጠላፊውስ?"

"በምልክቱ አንኳኳ። ተከፈተለት። አንዱ ነግሮታል ማለት ነው። ሽጉጡ የመጣው ከኋላው መጸዳጃ ቤት ነው። መጸዳጃውን የፈተሸችው አዲሷ ልጅ ናት። ለጠላፊው ውሃ ስትሰጥና ስትስቅም ታይታለች።"

አንድ ወጣት የውሃ ብርጭቆ በትሪ ይዞ ቀረበ። ግንባሩና አንድ ዓይኑ በፋሻ ተሸፍኗል። ረዳት አብራሪው ነው። ጠላፊው በሩ እንደተከፈተ በሽጉጡ ሰደፍ መትቶት ነበር። በአንድ ዓይኑ፣ መንገደኞቹን ይዞ፣ አውሮፕላኑን ብቻውን አብርሮ አስገብቷል። ጋዜጦች ጀግና ብለውታል። እሱ ግን ቃለ መጠይቅ ትቶ የሟቹን አስከሬን ተሸክሟል፤ ወንበር ደርድሯል፤ ውሃ አቀብሏል። ካፒቴኑ ልጅ አልነበረውም። ይህ ወጣት በዚህ ቤት እንደ ልጅ ነበር።

"እትዬ፣ ከጠዋት ጀምሮ ምንም አልቀመሱም።"

"አስቀምጠው፣ ልጄ።"

"አንተስ?" አለው መርማሪው። "ማንን ትጠረጥራለህ?"

ረዳት አብራሪው አንገቱን ደፋ። "በሰው ላይ ጣቴን አልቀስርም፣ ጌታዬ። ትክክለኛው ምልክት ነበር የተንኳኳው። ካፒቴኑ 'ክፈት' አለኝ፤ ከፈትኩ። ይኸው ነው። ልጅቷ… ልጅ ናት። ልጅን ደግሞ ወንድ ሲስቅላት…"

ሳይጨርስ ሄደ። ያልጨረሰው ከጨረሰው ይልቅ ተሰማ። የሟች ወንድም ጥርሱን ነከሰ።

"አንድ ያልገባኝ ነገር አለ፤" አለ መርማሪው ድምፁን ዝቅ አድርጎ። "ከመውረዳቸው በፊት ጠላፊው በመንገደኞቹ ፊት ባልዎን አንድ ነገር ጠይቆታል። 'ያን ቀን በሩን የዘጋው ማነው?' ብሎ። ባልዎ 'እኔ ነኝ' አለው። ሌላ ቃል አልተለዋወጡም። የምን በር ነው?"

ሴትዮዋ ያነሣችውን ብርጭቆ መልሳ አስቀመጠችው። ውሃው ጠረጴዛው ላይ ፈሰሰ።

"ሜዳውን ያውቁታል?"

"አውቀዋለሁ። በጦርነቱ ጊዜ ከተማዋ ስትከበብ የመጨረሻዎቹን ሰዎች ያወጣው የባሌ አውሮፕላን ነው።"

"ከዚያ የተረፈ ቂም ይኖር ይሆን?"

"የተሳፈሩት መርቀውናል። የቀሩት አፍ የላቸውም።" ተነሣች። "ልጅቷን ላያት እፈልጋለሁ።"

"ለምን?"

"ዓይን ዓይኗን እያየሁ ልረግማት።"

*

የፖሊስ ጣቢያው ክፍል ጠረጴዛና ሁለት ወንበር ብቻ አለው። የመስኮቱ መስታወት ቀለም ተቀብቷል። ልጅቷ የደንብ ልብሷን እንደለበሰች ናት። የአንገት ሻርፗ ብቻ የለም። ራሷን እንዳትሰቅልበት ወስደውባታል።

የካፒቴኑ ሚስት ስትገባ ልጅቷ ከወንበሯ ወርዳ እግሯ ላይ ልትወድቅ አለች።

"ይማሩኝ፣ እትዬ።"

"ምን አድርገሽ ነው የምምርሽ?"

"ምንም አላደረግኩም።"

"ታዲያ ምሕረቱ ለምንድነው? ተቀመጪ። ከገዳዩ ጋር ስትስቂ ታይተሻል።"

"ውሃ ጠየቀኝ፤ ሰጠሁት። 'እጅሽ ለምን ይንቀጠቀጣል?' አለኝ። 'የመጀመሪያ በረራዬ ነው' አልኩት። 'አይዞሽ፣ ለእኔም የመጀመሪያዬ ነው' አለኝ። ሳቅሁ።"

ልትረግማት የመጣችው ሴት እርግማኑን ምላሷ ላይ ይዛ ቆየች። ልትለቀው ስትል የድሮ ሥራዋ ቀደማት።

"ለአብራሪዎቹ ሻይ ማን አስገባ?"

የልጅቷ ፊት ተለወጠ። "እኔ። ዋናዋ የሚያለቅስ ሕፃን ታባብል ነበር።"

"ሻዩን ሲቀበልሽ ምን አለሽ?"

ልጅቷ ጠረጴዛውን አየች።

"ባሌን አውቀዋለሁ። ሻይ ዝም ብሎ አይቀበልም። በተለይ አዲስ ሠራተኛ ሲጨመርለት። ምን አለሽ?"

"ብናገር ይሰቅሉኛል።"

"ባትናገሪም ይሰቅሉሻል።"

ልጅቷ እጇን አንሥታ ጠረጴዛው ላይ አደረገች። እንጨቱን በጥፍሯ ጫር አደረገች። ከዚያ አንዴ አንኳኳች።

ሴትዮዋ ወደ በሩ ዞረች። ማንም አልነበረም። ስትጠብቀው የሰነበተችው ድምፅ ነው፤ ከዚህ ይመጣል አላለችም እንጂ። ልጅቷ ፈርታ ታያት ነበር።

"ቀጥዪ፤" አለች በመጨረሻ።

"ትሪው ላይ እንዲህ አደረገና፣ 'የጠዋቱን እርሺው፤ ከአሁን በኋላ ምልክቱ ይህ ነው። ለዋናዋም ንገሪያት' አለኝ። ልነግራት ስል አንድ መንገደኛ ከኋላ ደወለ። ሄድኩ። ከዚያ ሽጉጡ መጣ።" አሁን እንባዋ ወረደ። "ከዚያ ክፍል ውጭ አዲሱን ምልክት የማውቀው እኔ ብቻ ነበርኩ፣ እትዬ። ረዳት አብራሪው ደግሞ 'ትክክለኛው ምልክት ነበር' ብሏል አሉኝ። እኔ አልነገርኩም ብል ማን ያምነኛል? እኔ ራሴ እኮ ሳላውቀው አምልጦኝ ይሆን እያልኩ ነው የማድረው። ስለዚህ ሁለተኛ ምልክት እንደነበረ ደበቅኩ።"

"ጠላፊው ሲያንኳኳ ሰምተሻል?"

"አልሰማሁም። ከኋላ ነበርኩ።"

"ባሌ ምልክቱን ሲለውጥ ረዳት አብራሪው የት ነበር?"

"መቀመጫው ላይ ነዋ። ካፒቴኑ እሱንም 'ሰማህ?' አለው። 'ሰማሁ' አለ። እንዲያውም ስቆ የሻይ ስኒው ላይ በጥፍሩ ደገመው።"

ሴትዮዋ ሻርፗን ከአንገቷ ፈታች። ልትሰጣት አለችና የተከለከለበትን ምክንያት አስታውሳ መልሳ አሰረችው።

"ምግብሽን ብዪ፤" አለቻት። "ትወጫለሽ።"

መርማሪው ኮሪደሩ ላይ ይጠብቅ ነበር። "ረገሟት?"

"አይ። የእርስዎን ቃል ተዋስኩ። 'ቆይ' አልኩ።" ወደ ግድግዳው ጠጋ ብላ ቆመች። "ዋናዋ አስተናጋጅ መቀመጫዋ ከበሩ አጠገብ ነው። ጠላፊው ሲያንኳኳ የሰማችው ምንድነው?"

"ሁለት ፈጣን፣ አንድ ዘግየት ያለ። ፊተኛው ወንበር ላይ የነበሩት ባልና ሚስትም ያንኑ ብለዋል።"

"ያ የጠዋቱ ነው። በሻይ ሰዓት ተሽሯል።"

ነገረችው። መርማሪው እንደ ልማዱ፣ "ቆይ… ካፒቴኑ ራሱ መለወጡን ረስቶ 'ክፈት' ብሎ እንደሆነስ?" አለ።

"ባሌ የልደቴን ቀን ይረሳል። ምልክት አይረሳም። በተሻረ ምልክት ሲንኳኳ ቢሰማ ኖሮ በሩን በጀርባው ይደግፈው ነበር። መቀርቀሪያው ደግሞ ያለው ከረዳት አብራሪው መቀመጫ ጀርባ ነው። እጁን ወደ ኋላ ከሰደደ ይበቃዋል።"

"የሚያስቀጣ ማስረጃ አይሆንም። 'እኔም መለወጡን አልሰማሁም' ይለናል። የልጅቷ ቃል ደግሞ የተጠርጣሪ ቃል ነው።"

"ውሃ ሲያቀብለኝ ሰነበተ፤" አለች። ድምፏ ከፍ አላለም። "ይብሉ ሲለኝ በላሁ። 'ቂም ይዞ ጸሎት፣ ሳል ይዞ ስርቆት' ይባላል። ሌባው ሳሉን እስካሁን ይዞታል። የሚያስለውን ነገር እንስጠው።"

*

አውሮፕላኑ በሃንጋሩ መሐል ቆሟል። የሃንጋሩ በር በሰፊው ተከፍቶ የረፋዱ ብርሃን ክንፉ ድረስ ገብቷል። መካኒኮቹ እንዲወጡ ተደርጓል። ደረጃው ሥር ሁለት ፖሊሶች አሉ።

መርማሪው ሁሉንም እንደዚያን ዕለት አስቀመጣቸው። ዋና አስተናጋጇ በበሩ አጠገብ፣ በተጣጣፊው ወንበር ላይ። የካፒቴኑ ሚስት በባሏ መቀመጫ። ረዳት አብራሪው በራሱ።

"ይህ ለእትዬ ይከብዳቸዋል፤" አለ ረዳት አብራሪው።

"ስለ እኔ አታስብ፣ ልጄ።"

"ብዙ አንቆይም፤" አለ መርማሪው። ዋና አስተናጋጇ ሳታስበው ፈገግ አለች። እሱ አልሳቀም። "ልጅቷ አምናለች። ካፒቴኑ ሻይ ሲቀበላት ምልክቱን ለውጦ እንደነበረና አዲሱን ከክፍሉ ውጭ የምታውቀው እሷ ብቻ እንደነበረች ተናግራለች። አንተ ይህን ለምን አልነገርከንም?"

ረዳት አብራሪው በአንድ ዓይኑ መስኮቱን አየ።

"አሳዘነችኝ፤" አለ። "ብናገር በቀጥታ እሷ ላይ ነው የሚያርፈው። ከራሷ አፍ ይምጣ ብዬ ነው።"

"ስለዚህ መለወጡን ታውቅ ነበር።"

"አጠገቡ ነበርኩ እኮ። 'ሰማህ?' ብሎኛል።"

"መልካም። እስኪ ውጣና ጠላፊው እንዳንኳኳው አንኳኳልኝ። ልክ ጆሮህ እንደሰማው።"

ወጣ። በሩ ተዘጋ። ከውጭ የጥፍር ጭረት ተሰማ። ከዚያ አንድ ምት።

የካፒቴኑ ሚስት ዓይኗን ጨፈነች። እጇ ግን ከጭኗ አልተነሣም።

መርማሪው በሩን ከፈተ። "እርግጠኛ ነህ?"

"እንደ ስሜ።"

"ምን ነክቶሃል?" አለች ዋና አስተናጋጇ። ከወንበሯ ተነሥታለች። "እኔ እዚሁ ነበርኩ! ክንዱ ትከሻዬን ነክቶኛል። ሁለት ፈጠን አድርጎ፣ አንዴ ዘግየት አድርጎ ነው የመታው። የጠዋቱን ነው። ባዶ ትሪ ልታወጣ የመጣች መስሎኝ፣ 'ይህቺ ልጅ ደግሞ' እያልኩ ነው ቀና ያልኩት!"

"ተሳስተሻል።"

"ፊተኛው ወንበር ላይ የነበሩት ባልና ሚስትም አብረዋት ተሳስተዋል?" አለ መርማሪው።

"በድንጋጤ ጊዜ ሰው የሰማውን…" አለ ረዳት አብራሪው። "እኔም ተደናግጬ ይሆናል። ምናልባት የጠዋቱ ነበር። መለወጡን ረስቼ ከፍቼለት ይሆናል።"

"ቆይ። አሁን እጅህ አልረሳም። ያን ዕለትም አልረሳህም። የተሻረ ምልክት ተንኳኳ። ካፒቴኑ 'ክፈት' አላለም፤ ሊልም አይችልም። ሊያስቆምህ ሳይደርስ መቀርቀሪያውን ሳብከው። ሰውየው ጠዋት የነገርከውን ነው ያንኳኳው። ከሻይ በኋላ የተለወጠውን ልትነግረው አልቻልክም፤ በሩ ተዘግቶ፣ አየር ላይ ነበራችሁ። ልጅቷ ብትሆን ኖሮ አዲሱን በነገረችው ነበር። የአብራሪ ቦርሳ አይፈተሽም። ጎማውን ከውጭ ካየህ በኋላ እጅህን የታጠብከው ከኋላው መጸዳጃ ቤት ነው፤ ልጅቷ ከፈተሸችው በኋላ። ጠይቄያታለሁ። 'ማንም አልገባም፤ ረዳት አብራሪው ብቻ' አለችኝ። አንተን ማንም ከሰው አልቆጠረህም።"

ረዳት አብራሪው በመቀመጫው ጠርዝ ላይ ተቀመጠ። ወደ መርማሪው አላየም።

"ይህን ሁሉ ዓመት በማዕዴ ላይ ነበርክ፤" አለች የካፒቴኑ ሚስት። "እዚያ ምሰሶ ሥር ማን ሞቶብህ ነው?"

ፋሻውን ነካ። ፈገግ ያለ መሰለ። ፈገግታው የጀግናው አልነበረም።

"እናቴ፤" አለ። "ከተማዋ ስትከበብ ሕፃን ነበርኩ። በሰው ጭንቅላት ላይ አሳልፋ ወደ ውስጥ ወረወረችኝ። እሷና ታላቅ ወንድሜ ደረጃው ላይ ቀሩ። በሩ ተዘጋባቸው። አውሮፕላኑን ተከትላ ሮጠች፣ እትዬ። እስከ ምሰሶው ድረስ። እዚያ ጥይት አገኛት። ወንድሜ አጠገቧ ተቀምጦ አደረ።"

"ጠላፊው ወንድምህ ነው።"

"አድጌ ፈልጎ አገኘኝ። አብራሪ ሁን ያለኝ እሱ ነው። የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም። ከባልዎ አጠገብ ተቀምጬ ስንት ጊዜ በጆሮዬ ሰማሁት። ሰው ስለዚያ በረራ ሲጠይቀው፣ 'በሩን የዘጋሁት እኔ ነኝ' ይላል። ድምፁ እንኳ አይንቀጠቀጥም። ወንድሜ አንድ ዕድል ልስጠው አለ። ያን ጥያቄ ሊጠይቀው ነበር። ቢክድ፣ ቢለምን፣ ይቅርታ ቢል ሊተወው ነበር። 'እኔ ነኝ' አለው። እንደገና!"

ዋና አስተናጋጇ ታለቅስ ጀመር።

የካፒቴኑ ሚስት ግን ወደ ፊት ጠጋ አለች።

"አንተ አብራሪ ነህ፤" አለችው። "እስከ ዛሬ ስታበር፣ የመንገደኛ በር ዘግተህ ታውቃለህ?"

ወደ መግቢያው በር ዞረ።

"ሞተር ተነሥቶ አብራሪ መቀመጫውን አይለቅም። ይህን ከእኔ በላይ ታውቃለህ። በየቀኑ ታየዋለህ። በሩን የሚዘጋው ማነው?"

"አስተ…" አለ። አልጨረሰውም።

"በዚያ በረራ አስተናጋጇ ማን ነበረች?"

ዋና አስተናጋጇ አፏን በእጇ ያዘች።

"ባሌ በአውሮፕላኑ የውስጥ ስልክ፣ 'ትንሽ ጠብቂ፣ የቻልሽውን ጨምሪ' ብሎኛል። ተኩሱ ቀረበ። ፈራሁ። አንዲት ሴት ሕፃን ወረወረችልኝ፤ ተቀበልኩት። ከዚያ እጇን በሩ ላይ አደረገች። ጣቶቿን አንድ በአንድ አላቀቅኳቸው። የመዳብ ቀለበት ነበራት።"

ረዳት አብራሪው ከጉሮሮው የወጣ ድምፅ አሰማ። ቃል አልነበረም። ቀለበቱን ያውቀዋል፤ ወንድሙ ከእናታቸው ጣት አውልቆ ያቆየው ነው።

"ከዚያ በኋላ እንቅልፍ አጣሁ። ባሌ፣ 'ማንም ቢጠይቅ የዘጋሁት እኔ ነኝ። አንቺ አልዘጋሽም' አለኝ። ለሰው ሁሉ እንዲሁ አለ። ወንድምህ ሽጉጥ ደቅኖ ሲጠይቀውም እንዲሁ አለ። 'ሚስቴ ናት' ቢል ይተርፍ ነበር። አላለም።"

"ለምን… ለምን ነገሩኝ?" አለ። "ይዘውኛል። አልቆልኛል። ለምን ይህን ይነግሩኛል?"

"የባሌ ወንድም ገመድህን ይፈልጋል። እኔ አልፈልግም። እንድትኖር ነው የምፈልገው። 'ጠብቂ' ያለውን ሰው አስገደልክ። በሩን ለዘጋው እጅ ውሃ አቀበልክ። ይህን ይዘህ እደር፤ ይህን ይዘህ ተነሣ። የእኔ ጥይት ይኸው ነው።" ተነሣች። "ደግሞ ተረቱን አሟላው። የወጋም አይረሳም። እኔ አንድ ቀን አልረሳሁም።"

ፖሊሶቹ ይዘውት ወረዱ። ዋና አስተናጋጇ ተከተለች። መርማሪው ከደረጃው ሥር ቆሞ ወደ ላይ አየ። "እመቤት፣ ይውረዱ እንጂ።"

የካፒቴኑ ሚስት የአውሮፕላኑ በር ላይ ቆማ ነበር። ካቴና የገባለት ሰው መሐል መንገድ ላይ ዞረ። ቀና ብሎ አያት። ፋሻው ተንሸራቶ በሁለት ዓይኑ ነበር የሚያያት፤ እንደ ሕፃን።

እሷም አየችው። እጇ የበሩን እጀታ አገኘ። ሳትፈልገው አገኘው። ሳበችው። በሩ በፊቱ ተዘጋ።

አንደኛው ፖሊስ ሊያስወርዳት ደረጃውን መውጣት ጀመረ።

"ቆይ፤" አለው መርማሪው።

ውስጡ ጨለም ብሏል። ሴትዮዋ በባዶዎቹ ወንበሮች አጠገብ አልፋ የአብራሪዎቹ ክፍል በር ፊት ቆመች። በጥፍሯ ጫር አደረገችው። አንዴ አንኳኳች።

ጠበቀች።